እንኳን አደረሳችሁ፣ የምከራከረው ሰው ግን አጣሁ

እንኳን ለ2018 ዓ.ም. በሰላም አደረሳችሁ!

የምጽፍላችሁ አደይ አበባ ከማይበቅልበት አገር ነው። ውጪው ዛሬም አርባ ዲግሪ ነው። ቄጤማው ከሐበሻ ሱቅ ተገዝቷል፣ ዋጋውን አትጠይቁኝ። ዶሮው ከትናንት ማታ ጀምሮ ምድጃ ላይ ነው። ጎረቤቴ ጠዋት ፈረቃ ስላለባት ድፎዋን ሌሊት ጋግራ በሬ ላይ ትታልኝ ሄዳለች። ኋላ እንዳልረሳ እሷን አስቀድሜ ላመስግን። እህቴ፣ እጅሽ ይባረክ። "ሳህን አይመልስም" ብለሽ ስታሚኝ ሰምቻለሁ። ዘንድሮም አልመልስም።

ጤና ይስጣችሁ። ሥራ አይጥፋባችሁ። የታሰረ ዘመድ ያላችሁ ይፈታላችሁ፣ የተሰደደ ያላችሁ ድምፁን ያሰማችሁ። አገራችንን ሰላም ያድርግልን። ይህን ሁሉ ከልቤ እመኝላችኋለሁ። ሐሳቤ ግን አንድ ሰው ላይ ቀርቶ አልነሳ ብሎኛል።

ብዙዎቻችሁ ታውቋቸዋላችሁ። ባሽሙሐንዲስ (ዋና መሐንዲስ እንደማለት ነው) እያልኩ የማነሳቸው ግብጻዊ አለቃዬ ናቸው። በጥር አረፉ። ያኔ ሁለት መስመር ብቻ ጽፌ ዝም አልኩ። ሐዘናችሁን የጻፋችሁልኝ ሁሉ፣ በተለይ ደውላችሁ ከእኔ ጋር ዝም ብላችሁ የተቀመጣችሁ ሁለት ወንድሞቼ፣ እግዜር ይስጥልኝ።

መሐንዲስ ነበሩ። ገጣሚ ነበሩ። ከእንግሊዝኛም ግጥም ይተረጉሙ ነበር። የሸሚዛቸው ኪስ ውስጥ የሲሚንቶ ደረሰኝና ስንኝ የተጻፈባት ወረቀት ተደባልቀው ይገኛሉ። አንድ ቀን ለሒሳብ ክፍል በስህተት ግጥም አስረክበው፣ ሒሳብ ሹሙ ማህተም መትቶ መልሶላቸዋል።

ስንተዋወቅ እኔ አረብኛዬ ከሰላምታ የማያልፍ ቀያሽ ነበርኩ። በበጋ የሶሌታ፣ ማለትም የኮንክሪት ወለል፣ ሙሌት ሌሊት ነው የሚሠራው፤ ቀን ከሆነ ኮንክሪቱ በሙቀቱ ሳይስተካከል ይይዛል። አንድ ሌሊት ሚክሰሩ ዘገየ። ባሽሙሐንዲስ ፌሮው (የብረት ዘንጉ) ላይ ቆመው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ማንበብ ጀመሩ። ቁርዓን መስሎኝ ኮፍያዬን አወለቅኩ። ሱዳናዊው ፎርማን በሳቅ ሊሞት ነው። "ዓሊ ማሕሙድ ጣሃ ነው እኮ፣ ያገራቸው ልጅ!" አለኝ።

ከዚያ ሌሊት ጀምሮ አረብኛን የተማርኩት በዚህ ሰው ግጥም ነው ማለት እችላለሁ። ዓሊ ማሕሙድ ጣሃ የመንሱራ ልጅ ነው። መንሱራ የናይል የዲምያጥ ቅርንጫፍ ዳር ያለች የግብጽ ከተማ ናት። እ.ኤ.አ. በ1924 በሕንፃ ሥራ ተመርቆ መንግሥት ቤት ገባና ዓመታት በመሐንዲስነት አገለገለ። ማታ ማታ ይጽፋል። በ1934 "መንገድ የጠፋው መርከበኛ" የሚል መድበል አወጣና ስሙ ተነሳ። ከዚያ በኋላ በየበጋው አውሮፓ መሄድ ጀመረ። ስለ ቬኒስ ጎንዶላ የጻፈውን ግብጻዊው ድምፃዊ መሐመድ አብዱልወሃብ ዘፈነውና አረቡ ዓለም ሁሉ አብሮ ዘፈነ። ስለ ፍልስጤም የጻፈውንም ያዜመው ያው አብዱልወሃብ ነው። ፈረንሳዮቹን ገጣሚዎች ቬርሌንንና ቦድሌርን ለአረብ አንባቢ አስተዋወቀ። በ1949 ኅዳር ላይ ሃምሳ ሳይሞላው ሞተና መንሱራ ተቀበረ።

ባሽሙሐንዲስ ከዚህ ሁሉ በላይ የሚወዱት ግን የሁለት ጓደኛሞችን ታሪክ ነበር። ኢብራሂም ናጂ ሐኪም ነው፣ ጣሃ መሐንዲስ። ሁለቱም በወጣትነታቸው መንሱራ ወንዝ ዳር እየተቀመጡ ግጥም ይለዋወጡ ነበር። ሁለቱም የፈረንሳዊውን የላማርቲንን የሐይቅ ግጥም ወደ አረብኛ መለሱ። እያንዳንዱ በራሱ ምት፣ በራሱ ዜማ። የመጀመሪያ መድበላቸውን ያወጡትም በአንድ ዓመት ነው። ከዚያ ታላቁ ሐያሲ ጣሃ ሑሴን፣ ከገጣሚው ጣሃ ሌላ ሰው ነው፣ ብዕሩን አነሳ። ሐኪሙን አብጠለጠለው፣ መሐንዲሱን ግን ለቀቅ አደረገው። ባሽሙሐንዲስ እዚህ ላይ ሲደርሱ ደረታቸው ይነፋል። "አየህ፣ መሠረቱን አጥብቆ ነዋ!" ይሉኛል። እኔ ደግሞ ላናድዳቸው የናጂን "አጥላል" (ፍርስራሽ) የሚለውን ግጥም አነሳለሁ። ግብጻዊቷ ድምፃዊት ኡሙ ኩልሱም እ.ኤ.አ. በ1966 ስትዘፍነው ሐኪሙ ከሞተ 13 ዓመቱ ነበር። እስከ ዛሬ የታክሲ ሹፌሩ ሁሉ በቃሉ ይዞታል። "እሱማ ዕድል ነው" ብለው ያልፉኛል።

እኔን እንደ ሰው ያቆሙኝ በሙያ ብቻ አይደለም። ደብተር እንደምደብቅ አወቁብኝ። የሰርቬይ ንባብ የሚጻፍበት ደብተር ጀርባ ላይ ግጥም እጽፍ ነበር። ሰው ሲመጣ እገለብጠዋለሁ። አንድ ቀን ከእጄ ወሰዱት። "ምን ይላል? ንገረኝ" አሉ። በሰባራ አረብኛዬ ነገርኳቸው። በማግስቱ በአረብኛ ስንኝ አድርገው አመጡት። የእኔ ግጥም በሰው ቋንቋ ውስጥ ሲሄድ ያየሁት ያኔ ነው። እውነቱን ለመናገር ከእኔው ይሻላል። ይህንንም ነግሬያቸዋለሁ፣ አልካዱም።

አንድ መስከረም ደግሞ "አበባየሆሽ"ን አስዘፍነውኝ ወደ አረብኛ መለሱት። ምሳ ሰዓት ላይ እሳቸው ሲያወጡ ፎርማኑም፣ ሕንዳዊው ኤሌክትሪሺያንም፣ የኬረላው ብየዳ ሠራተኛም "ለምለም!" እያሉ ይቀበላሉ። ቪዲዮው ስልኬ ላይ አለ። አልለጥፈውም፣ አታስቸግሩኝ።

ሁልጊዜ ግን ፍቅር አልነበረም። የዓባይ ግድባችን፣ ሕዳሴ፣ ከትናንት በስቲያ፣ ጳጉሜን 4፣ ተመረቀ። እንኳን ደስ አለን! 5,150 ሜጋ ዋት፣ 145 ሜትር ቁመት፣ 74 ቢሊዮን ሜትር ኪዩብ ውሃ። እነዚህን ቁጥሮች በቃሌ የያዝኳቸው ከዜና አይደለም፣ ከባሽሙሐንዲስ ጋር ስከራከር ነው። እሳቸው ውሃው የሚሞላበትን ፍጥነት ይጠይቃሉ። ድርቅ ተደራርቦ ሲመጣ ማን ስንት ይለቃል ይላሉ። እኔ የእናቴን ኩራዝና የማገዶ ጭስ እመልሳለሁ። እሳቸው የዴልታውን ገበሬ ያመጣሉ። እኔ መቀነቷን ፈትታ ቦንድ የገዛችውን አክስቴን አመጣለሁ። አንድ ቀን ድምፃችን ከፍ አለና ፉሉ ሳይበላ ቀዘቀዘ። ከዚያ በኋላ የሥራ ካልሆነ በስተቀር ወሬ ቀረ። የጠዋት ሻይ እንኳን ለየብቻ ሆነ።

ከዚያ እንቁጣጣሽ መጣ። ጠዋት ስልኬ ጮኸ። እሳቸው እረፍት ወጥተው መንሱራ ነበሩ። "ኩል ሰና ወኢንተ ጠይብ!" አሉኝ፣ እንኳን አደረሰህ ማለታቸው ነው። ኮፕቶቹም፣ የግብጽ ክርስቲያኖች፣ በዚያው ቀን ዓመት ይለውጣሉ፣ ኔይሩዝ ይሉታል። ክርስቲያን ጎረቤቶቻቸው ቀይ ተምርና ዘይቱን ልከውላቸው እሱን እየበሉ ነው የደወሉት። አያታቸው ገበሬ ነበሩ። የግብጹ የአስዋን ግድብ እ.ኤ.አ. በ1970 ከማለቁ በፊት፣ በዚህ ሰሞን ወንዙ ሞልቶ ቡናማ ይሆን እንደነበር ነገሩኝ። አያትየው ያን ውሃ እያዩ "ሐበሾች ላኩልን" ይሉ ነበር አሉ። ትንሽ ዝም አሉና "በጭቃችሁ አገር ሠርተናል፣ ስለ ውሃው ደግሞ ስመለስ እንጨቃጨቃለን" አሉኝ። ሲመለሱ ተጨቃጨቅን። ፉሉ ግን አልቀዘቀዘም።

ለዚህ ነው ከትናንት በስቲያ ደስታዬ ጎደሎ የሆነብኝ። ሰው ሁሉ ባንዲራ ሲለጥፍ እኔ የእሳቸውን ቁጥር አውጥቼ አየሁት። ሊናደዱብኝ ይገባ ነበር። "የተርባይኖቹን ነገር አስረዳኝ እስቲ" ብለው ሊያፋጥጡኝ ይገባ ነበር። ሰሞኑን በየአስተያየት መስጫው ግብጻዊና ኢትዮጵያዊ እናት ለእናት ሲሰዳደብ አያለሁ። ለእነዚህ ሰዎች በአዲሱ ዓመት የምመኝላቸው ከወዲያኛው ዳር አንድ ሰው ነው። ፉል አብሯቸው የሚበላ፣ የማይለቃቸው፣ ቁጥር የሚያውቅ።

ሕመማቸውን ደብቀውን ነበር። "የደም ግፊት ነው" እያሉ ለፍተሻ ይሄዳሉ። ለመጨረሻ ጊዜ ወደ አገራቸው ሲሄዱ የራስ ቁራቸውን እኔ ጠረጴዛ ላይ ትተው ሄዱ። ልጃቸው ነው ያረዳኝ። ሐጃ ባለቤታቸው ደግሞ ከአርባው በኋላ የደብተራቸውን ገጾች ፎቶ እያነሱ ላኩልኝ። ከእኔ የተተረጎሙትን ለይተው፣ አንድ በአንድ። ሐጃ፣ ይህን ልጅዎ ያነብልዎታል፣ በአረብኛም ጽፌ እልካለሁ። አላህ ዕድሜና ጤና ይስጥዎ። በሐዘን ላይ ሆነው እኔን አስታወሱ፤ ውለታዎን በምን እንደምመልስ አላውቅም።

ፎርማኔ፣ አንተም አለህ። አገርህ እንዲያ እየነደደች፣ ቤተሰብህ የት እንዳሉ ሳታውቅ ሰንብተህ፣ ባሽሙሐንዲስ ሲያርፉ ለሐዘኑ ድንኳን ያቆምከው አንተ ነህ። ዘንድሮ ኦምዱርማን ገብተህ እናትህን ለመሳም ያብቃህ።

እናንተ ደብተር የምትደብቁ ልጆች ደግሞ፣ እንዳላችሁ አውቃለሁ፣ በውስጥ መስመር ትጽፉልኛላችሁ። "መሐንዲስ ሆኜ ግጥም ምን ያደርግልኛል" ያልከኝ የሐዋሳው ልጅ፣ አንተን ነው የምለው። ነገ አርብ ማታ እኔ ቤት ቡና አለ። እዚህ ከተማ ያላችሁ የጻፋችሁትን ይዛችሁ ኑ። አንተም ከዚያው በስልክ ግባ። የባሽሙሐንዲስን አረብኛ እኔ አነባለሁ፣ አማርኛውን እናንተ። ዶሮው እስከዚያ ከቆየ ይቀርባል፣ ካልቆየ ሽሮ አለ።

ኮፕት ጎረቤት ያላችሁም ዛሬ ደውሉላቸው፣ ቀኑ የእነሱም ነው።

መልካም አዲስ ዓመት!