የነሐሴ ተርብ፣ ከአሜሪካ ጓሮ

ሜሪላንድ ያለን አበሾች ከቤት ውጭ መሰባሰብ የምናበዛው ከነሐሴ እስከ መስከረም ነው። እንቁጣጣሽ አለ፣ መስቀል አለ፣ የልጆች ልደት አለ። ፓርክ ውስጥ ከሰል ይያያዛል፣ ሥጋ ይጠበሳል፣ ለስላሳውና ጠጁ ይከፈታል። ተርብ የሚበዛውም በዚሁ ሰሞን ነው።

ምክንያት አለው። የሎው ጃኬት የሚባለውን ቢጫና ጥቁር ተርብ ጎጆ ሚያዝያ ግንቦት ላይ የምትጀምረው አንዲት ንግሥት ናት። ሰመሩን ሙሉ ሠራተኞቹ ዝንብና ትል እያደኑ እጮቹን ይመግባሉ። እጮቹም በምላሹ ጣፋጭ ፈሳሽ ይሰጧቸዋል። ሰመሩ ሊያልቅ ሲል እጮቹ ያንሳሉ፤ ሠራተኞቹ ግን ብዙ ሺህ ሊደርሱ ይችላሉ። ያኔ ጣፋጭ ፍለጋ ወደ እኛ ብርጭቆ ይመጣሉ።

እኔ ይህን ሁሉ ማጥናት የጀመርኩት የባለቤቴ ታላቅ ወንድም ከተነደፈ በኋላ ነው። ጋሼ ጎጃም ውስጥ ከንብ ቀፎ ሥር ያደገ ሰው ነው። ልጅ እያለ ንብ ስንቴ ነድፎታል፤ እብጠቱ ሰንበት ሲል ይጠፋ ነበር። እዚህ ሣር ሲያጭድ ማሽኑ መሬት ውስጥ ባለ የተርብ ጎጆ ላይ አለፈ። ንዝረቱ ያስቆጣቸዋል። ወጥተው ወረሩት። ቤት ሲገባ ገላው በሽፍታ ተሞልቶ፣ ከንፈሩ አብጦ፣ ድምፁ ተቀይሮ ነበር። "ትንሽ ጋደም ልበል፣ ይለቀኛል" አለ። ባለቤቴ "ጋሼ፣ በፍጹም!" ብላ 911 ደወለች። አምቡላንስ ውስጥ ለከባድ አለርጂ የሚሰጠውን ኤፒንፍሪን የሚባል መድኃኒት ወጉት፤ ዳነልን። የአለርጂ ሐኪሙ እንዳስረዳን የንብና የተርብ መርዝ አንድ አይደለም። የንብ ንድፊያ የለመደ ሰው ለተርብ አለርጂ ሊሆን ይችላል። አሁን ኤፒፔን የሚባለው፣ ይኸው መድኃኒት ያለበት ሰው ራሱን የሚወጋበት መርፌ ከኪሱ አይለይም። መርዙን በጥቂት በጥቂቱ እየሰጡ ሰውነትን የሚያለማምዱበትን መርፌም ጀምሯል።

እንዲህም ሆኖ ያየነውን ተርብ ሁሉ በስፕሬይ መፍጀት ልክ አይመስለኝም። የሎው ጃኬት አጠር ደልደል ያለ ነው። ሣር መሃል ካለች ቀዳዳ ወይም ከግድግዳ ስንጥቅ እየተመላለሱ ሲገቡና ሲወጡ ካያችሁ እሱ ሊሆን ይችላል። ፔፐር ዋስፕ ቀጠን ይላል፤ ሲበር ረጃጅም እግሮቹ ይንጠለጠላሉ። ጣሪያ ጠርዝ ሥር የሚሠራው ጎጆ ሽፋን የለውም፣ ዓይን ዓይኑ ይታያል። ጎጆውን ካልነኩበት ሰው አይፈልግም። ጭቃ የሚለጥፈው ወገበ ቀጭን ተርብ ሸረሪት አዳኝ ነው፤ ሰው የሚነድፈው ከስንት አንዴ ነው። ሐምሌ ላይ አፈር የሚቆፍረው ግዙፉ ደግሞ ሲካዳ የሚባለውን ዛፍ ላይ የሚጮህ ነፍሳት ያድናል። ፊታችን ላይ እያንዣበበ የሚያስደነግጠን ወንዱ ነው፤ ወንድ ተርብ መንደፊያ የለውም። ዛፍ ላይ ትልቅ ግራጫ ጎጆ ካያችሁ ግን ራቅ በሉ። የጥቁርና ነጩ ተርብ ነው፣ ቤቱን አያስደፍርም።

ለልጆች ለስላሳ በቆርቆሮው አትስጡ፤ የገባችበት ተርብ አትታይም። ጉሮሮ ውስጥ ከነደፈች አለርጂ የሌለበትንም ሰው ልታሳፍን ትችላለች። በሚያሳይ ብርጭቆ ቅዱላቸው። ጠጁ ይከደን፣ ቆሻሻው ራቅ ብሎ ይቀመጥ። አንዷ ብትመጣ አትምቷት፤ ስትጨፈለቅ ሌሎቹን የሚጠራ ሽታ ትለቃለች። ጎጆ ከተነካ ግን ቆሞ መከላከል የለም፤ ሮጦ ቤት ወይም መኪና ውስጥ መግባት ነው። ጉድጓዱ ላይ ቤንዚን ማፍሰስ እሳት መጥራት ነው። የግድግዳውን ቀዳዳም አትድፈኑ፤ በውስጥ በኩል በልተው ሳሎን ሊገቡ ይችላሉ። ባለሙያ አስመጡ፤ ተከራይ ከሆናችሁ ለአከራዩ በጽሑፍ አሳውቁ።

ለተራ ንድፊያ በሳሙና አጥቦ በረዶ መያዝ ይበቃል። ትንፋሽ ካጠረ፣ ምላስ ወይም ጉሮሮ ካበጠ፣ ራስ ከዞረ ግን ኤፒፔን ካለ ወዲያው ጭን ላይ በውጭ በኩል ውጉት፣ 911ም ደውሉ። ቢሻለውም ሆስፒታል ይሂድ፤ ሕመሙ ሊመለስ ይችላል። ከአገር ቤት ለመጡ እናት አባቶቻችሁ ይህን ዛሬውኑ ንገሯቸው፦ እንግሊዝኛ ባይችሉም ይደውሉ፣ "አምሃሪክ" ብለው አስተርጓሚ ይጠይቁ። አድራሻውንም በትልቁ ጽፋችሁ ፍሪጁ ላይ ለጥፉላቸው።