ደንከርክን ከመሳፈሪያው በኩል ስናየው

ደንከርክን ለማስረዳት ከበዓል ዋዜማ መናኸሪያ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም። አውቶቡሱ ቆሟል፣ መንገዱም ክፍት ነው፤ ሰዓቱን የሚበላው ያ ሁሉ ሕዝብ በአንዲት ጠባብ በር እስኪገባ ድረስ ያለው ግፊያ ነው። በግንቦት 1932 ዓ.ም.፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት፣ የተከበቡት የእንግሊዝና የአጋሮቿ ወታደሮች ከሰሜን ፈረንሳይ ጠረፍ፣ ከደንከርክ ወደብ፣ በመርከብ ወደ እንግሊዝ ሲወጡ የሆነውም ይኸው ነበር፤ ልዩነቱ ከላይ ቦምብ መዝነቡ፣ ከተሳፋሪው ኋላ ደግሞ የጀርመን ጦር መምጣቱ ነው።

ወሬው ሲነሣ ሁልጊዜ የሚቀድመው የትናንሽ ጀልባዎች ጉዳይ ነው፤ ጦሩን ያዳኑት ተራ ሰዎች በየጀልባቸው ወጥተው ነው ይባላል። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» ሲባል ላደገ ሰው ታሪኩ ይጥማል። ቁጥሩ ግን ወደ ሌላ ቦታ ይመራል። ከግንቦት 18 እስከ ግንቦት 27 (እ.ኤ.አ. ከሜይ 26 እስከ ጁን 4 ቀን 1940) ከወጡት 338,226 ወታደሮች 239,555ቱ የተሳፈሩት ከወደቡ ነው፤ ከአሸዋው ዳርቻ የተነሡት 98,671 ናቸው። ከአሸዋው የተነሡትንም ቢሆን ትንሿ ጀልባ በአብዛኛው ያደረሰቻቸው ራቅ ብሎ እስከቆመው ትልቅ መርከብ ድረስ ነው።

መነሻውን ባጭሩ ልበል። ጀርመን ጥቃቷን ግንቦት 2 ጀመረች። ግንቦት 12 ላይ ታንኮቿ ባሕሩ ጠረፍ ደርሰው የእንግሊዝን የዘመቻ ጦር፣ የቤልጂየምን ሠራዊትና ብዙ የፈረንሳይ ክፍሎችን ከደቡቡ ቆርጠዋቸው ነበር። ግንቦት 16 ታንኮቹ እንዲቆሙ ታዘዘ፤ ትእዛዙ የተነሣው ግንቦት 18 ነው። ለምን ቆሙ የሚለው ማለቂያ የሌለው ክርክር ስለሆነ አልገባበትም፤ ዋናው ነገር በዚያ ፋታ በወደቡ ዙሪያ የመከላከያ መስመር መበጀቱ ነው። በዚያው በግንቦት 18፣ ከምሽቱ 12 ሰዓት ከ57 ደቂቃ ላይ የዳይናሞ ዘመቻ (ወታደሮቹን በባሕር የማስወጣቱ ሥራ ስም ነው) ይጀመር የሚል ትእዛዝ ወጣ። ሥራውን የመራው ዶቨር ላይ ከጥንቱ ግንብ ሥር በተፈለፈለ ዋሻ ውስጥ የተቀመጠው ምክትል አድሚራል በርትራም ራምሴ ነው። የተጠበቀው በሁለት ቀን 45,000 ሰው ያህል ማውጣት ነበር።

ከዶቨር ደንከርክ የሚያደርሱ ሦስት መስመሮች ነበሩ፤ ለእኛ በሚገባን መንገድ ላስቀምጣቸው። «ዜድ» የተባለው አጭሩ 39 የባሕር ማይል ወይም 72 ኪሎ ሜትር ነው፤ ከአዲስ አበባ ሞጆ እንደ መሄድ ቁጠሩት። ችግሩ በካሌ በኩል ማለፉ ነው፤ ካሌን የያዙት ጀርመኖች በቀን በመድፍ ይለቅሙታል። «ዋይ» 87 የባሕር ማይል፣ 161 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ አዲስ አበባ ባቱ ማለት ነው። ከመድፉ ያመልጣል፣ ግን የጉዞውን ጊዜ ከእጥፍ በላይ ያረዝመዋል፣ ቶርፒዶ (በውሃ ውስጥ ተወርውሮ መርከብ የሚመታ ፈንጂ) ለሚተኩሱ ፈጣን ጀልባዎችና ለሰርጓጅ መርከብም ያጋልጣል። መካከለኛው «ኤክስ» 55 የባሕር ማይል፣ 102 ኪሎ ሜትር ነው፤ አዲስ አበባ አዳማ ይሆናል። የሚያልፈው በፈንጂ በታጠረ ባሕርና በአሸዋ ቁልል መካከል ስለነበረ መጀመሪያ መጠረግ ነበረበት፤ ሥራ ላይ የዋለው ከግንቦት 21 ወዲህ ነው።

በዚያው በግንቦት 21 ሌሊት «ዋይ» ላይ የደረሰው አደጋ የአጫጫንን ፈተና በደንብ ያሳያል። ዌክፉል የተባለው የእንግሊዝ ዴስትሮየር (ፈጣን የጦር መርከብ) ወታደሮቹን ከታች ክፍሎች አጭቋቸው ነበር። ምክንያቱ ትክክል ነው፤ ሰው ላይኛው ወለል ላይ ከበዛ የመርከቡ የላይ ክፍል ይከብዳል፣ ከቦምብ ለመሸሽ በፍጥነት ሲታጠፍ ይጋደማል። ግን ቶርፒዶ መትቶ ለሁለት ሲከፍለው በሰከንዶች ውስጥ ሰመጠ፤ ከታች ከነበሩት ከ600 በላይ ወታደሮች መካከል ከሞት ያመለጠ የለም ማለት ይቻላል። ከላይ ቢጭኑ መጋደም፣ ከታች ቢጭኑ መውጫ ማጣት። ለዚህ መፍትሔ የሚሆን ሦስተኛ ወለል መርከቡ የለውም።

አሁን ወደ አሸዋው እንሂድ። ከደንከርክ ወደ ምሥራቅ ማሎ ሌ ባን፣ ብሬ ዱን፣ ከድንበሩ ማዶ ቤልጂየም ውስጥ ደግሞ ላ ፓን፤ በጠቅላላው 16 ኪሎ ሜትር ያህል የአሸዋ ዳርቻ ነው። የሐዋሳ ሐይቅን ርዝመት በዓይነ ሕሊና መዘርጋት ነው። ዳርቻው ተዳፋትነቱ በጣም ትንሽ በመሆኑ ትልቅ መርከብ ከአንድ ኪሎ ሜትር በላይ ርቆ ለመቆም ይገደዳል። ሐይቃችን የማያውቀው ነገርም አለ፦ ባሕሩ በቀን ሁለቴ ይሞላል፣ ሁለቴ ይጎድላል፤ እዚያ ልዩነቱ 5 ሜትር ይጠጋል። በእንዲህ ያለ ጠፍጣፋ ዳርቻ ውሃው ሲሸሽ በመቶ የሚቆጠር ሜትር ይሸሻል፣ ዳር የነበረች ጀልባ በደረቁ ትቀራለች።

ሒሳቡን እንሥራ። በመቅዘፊያ የሚሄድ የመርከብ ጀልባ ቢበዛ 25 ሰው ይይዛል። አንድ ዴስትሮየር 1,000 ሰው እንዲጭን ከተፈለገ 40 ምልልስ ነው። ስለዚህ መርከቡ ለሰዓታት ባለበት ቆሞ የቦምብ ዒላማ ይሆናል። የሚቀዝፉት ደግሞ ብዙ ጊዜ መቅዘፊያ ጨብጠው የማያውቁ እግረኛ ወታደሮች ናቸው።

ጀልባን ከዳር ማሳፈር እንዴት እንደሚበላሽ ለሐዋሳው የአሞራ ገደል ዓሣ አስጋሪ መንገር ለቀባሪው ማርዳት ነው። አፍንጫዋን አሸዋ አስነክተው ሰው ከሞሉባት ትቀመጣለች፤ ከዚያ በኋላ ንቅንቅ አትልም። ጎኗን ለሞገድ ከሰጠች ውሃ ይሞላታል። ሁሉም በአንድ ጎን ከተንጠለጠለ ትገለበጣለች። ደንከርክ ላይ ሦስቱም በየሰዓቱ ይደርስ ነበር። የሚያዋጣው አሠራር ዳር ከመድረስ በፊት ከኋላ መልሕቅ ጥሎ ገመዱን እየለቀቁ መጠጋት፣ ውሃው የሰው ወገብ ላይ ሲደርስ ማቆም፣ ሰዎቹን ተራ አስይዞ አንድ ባንድ ማውጣት፣ ስትሞላ የመልሕቁን ገመድ ስቦ ወደ ጥልቁ መውጣት ነው። ይህን የሚያውቁ መርከበኞች ባሉበት ሥራው ሄደ። በሌሉበት ግን ወታደሮቹ መርከቡ ጋ ሲደርሱ ጀልባዋን ለቀው ይወጣሉ፤ የሚመልሳት ጠፍቶ ባሕሩ ይወስዳታል፣ ዳር ላይ ሺህ ሰው ባዶ ጀልባ ስትንሳፈፍ ያያል። የሞተር ጀልባዎችም የራሳቸው ጣጣ ነበራቸው፦ ፕሮፔለሩ ውሃ ላይ በሚንሳፈፍ ገመድና ልብስ ይታነቃል፣ ማቀዝቀዣው አሸዋ ይስባል፣ ሞተሩ ይሞታል።

ከዳርቻው ሥራ ሁሉ እኔ የማደንቀው መሐንዲሶቹን ነው። ከግንቦት 22 ጀምሮ የሚጣሉ የጭነት መኪናዎችን ውሃው ሲጎድል ወደ ባሕሩ ነድተው በተርታ አቆሙ፤ እንዳይንሳፈፉ ጎማቸውን በጥይት በሱ፣ የጭነት ቦታውን በአሸዋ ከረጢት ሞሉ፣ እርስ በርስ በገመድ አሰሩ፣ ከላይ ሳንቃ ረበረቡ። ውሃው ሲሞላ መሳፈሪያ ሆነ፤ ትናንሽ ጀልባዎች ጫፉ ድረስ ይጠጋሉ፣ ወታደሩ እግሩን ሳያርስ ይወጣል። ለትልቅ መርከብ ግን አይደርስም፣ ነፋስ ሲነሣም ይናጋል።

ትልቁን ሥራ የሠራው ሌላ ነው። ግንቦት 19 ከ160 መርከበኞች ጋር ደንከርክ የደረሰው ካፒቴን ዊልያም ቴናንት ወደቡ ተደብድቦ እንዳለቀ አየ። ማን አዛዥ እንደሆነ እንዲታወቅ የብረት ቆቡ ላይ ሦስት ፊደላት ከሲጋራ ፓኮ በተቀደደ የብር ወረቀት ተቆርጠው ተለጥፈውለት ነበር፤ ማጣበቂያው የአተር ሾርባ ነው ይባላል። ቴናንት ዓይኑን የጣለው በምሥራቁ ሞገድ መስበሪያ ላይ ነው፦ በኮንክሪት ምሰሶዎች ላይ የተዘረጋ፣ ከ1.2 ኪሎ ሜትር በላይ ወደ ባሕሩ የሚገባ፣ አራት ሰው ጎን ለጎን ሲቆም የሚሞላ የእንጨት መተላለፊያ። የተሠራው ሞገድ ለመስበር ነው፤ መርከብ ይታሰርበታል ብሎ ያሰበ አልነበረም። በምሰሶዎቹ መካከል ውሃ ስለሚፈስ መርከቡን አስጠግቶ ማሰር አስቸጋሪ ነው። ቴናንት ያን ሌሊት ኩዊን ኦቭ ዘ ቻነል የተባለችውን መርከብ አስጠግቶ ሞከረው፤ 900 ያህል ሰው ጫነች። በማግስቱ በመመለስ ላይ ሳለች በቦምብ ሰመጠች፣ ተሳፋሪዎቿን ሌላ መርከብ አነሣቸው። ሐሳቡ ግን ሠርቷል።

ከዚያ በኋላ በጀልባ ግማሽ ቀን የሚፈጅ ጭነት በጥቂት ሰዓት፣ አንዳንዴም ከአንድ ሰዓት ባነሰ ጊዜ ያልቅ ጀመር። እንከን አልጠፋም። ውሃው ሲጎድል የመርከቡ ወለል ከመተላለፊያው ብዙ ሜትር ዝቅ ይላል፤ ስለዚህ መሰላል ያስፈልጋል፣ በጨለማ ከነትጥቁ የሚወርድ የደከመ ወታደር በመርከቡና በምሰሶው መካከል ሊወድቅ ይችላል። ቦምብ የበሳውን ወለል በሳንቃ እየደፈኑ ይሻገሩ ነበር። ሰልፉን በአብዛኛው ያስኬደው ኮማንደር ጃክ ክላውስተን ዘመቻው ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው ጀልባው ተመትታ ሞተ።

አንድ የተሳሳተ ወሬ ምን ያህል እንደሚያስከፍልም እዚህ ታየ። ግንቦት 21 ማታ፣ ከከባድ የአየር ድብደባ በኋላ፣ ወደቡ ሙሉ በሙሉ ተዘግቷል የሚል መልእክት ዶቨር ደረሰ። አልተዘጋም ነበር። ራምሴ ግን መርከቦቹን ወደ አሸዋው አዞረ፤ መተላለፊያው ያን ሌሊት ባዶውን አደረ ማለት ይቀላል። ከዘጠኙ ቀናት ውስጥ ከአሸዋው የተነሣው ሕዝብ ከወደቡ የበለጠበት ብቸኛ ቀን ግንቦት 22 የሆነውም ከዚህ የተነሣ ነው፦ 29,512 ለ24,311። ደግነቱ የዚያ ቀን ጭጋግና ዝቅ ያለ ደመና የጀርመንን አውሮፕላን መሬት ላይ አስቀርቶታል።

የቀን ቁጥሩ ሲታይ፦ ግንቦት 19 ላይ 7,669፣ በማግስቱ 17,804፣ ከዚያ 47,310፣ 53,823፣ ግንቦት 23 ላይ 68,014፣ ግንቦት 24 ላይ 64,429። በዚህኛው ቀን ሰማዩ ጠርቶ ስለነበረ ብዙ መርከብ ሰመጠ፤ የቀን ጉዞው ቀረና ሥራው ወደ ሌሊት ዞረ። የመጨረሻዎቹ ሦስት ቀናት ከ26,000 ትንሽ ከፍ እያሉ የሄዱት በዚህ ምክንያት ነው። በዘመቻው ስድስት የእንግሊዝና ሦስት የፈረንሳይ ዴስትሮየሮች ጠፉ።

ስለ ትናንሾቹ ጀልባዎች አንድ ማስተካከያ ብቻ ላክል። ግንቦት 6 ቢቢሲ ከ30 እስከ 100 ጫማ ርዝመት ያለው የመዝናኛ የሞተር ጀልባ ያለው ሁሉ በ14 ቀን ውስጥ እንዲያስመዘግብ አስታውቆ ነበር፤ ያኔ ደንከርክ የታሰበ አልነበረም። ጥሪው ሲመጣ ዝርዝሩ ተዘጋጅቶ ተገኘ። ብዙዎቹን ጀልባዎች ባሕር የወሰዷቸውም የባሕር ኃይሉ ሰዎች እንጂ ባለቤቶቹ አልነበሩም። ከሁሉ የጠቀሙት 40 ያህሉ ሆዳቸው ጠፍጣፋ የሆነ የሆላንድ ጀልባዎች ይመስሉኛል፤ ጥልቀት አይጠይቁም፣ አሸዋ ላይ ቢቀመጡም አይጋደሙም።

ቦታ የሚበላ ነገር ሁሉ ቀረ። ከ2,400 በላይ መድፍና ከ60,000 በላይ ተሽከርካሪ እዚያው ተተወ። ቃሬዛ ላይ የተኛ ቁስለኛ የብዙ ቋሚ ሰዎችን ቦታ ስለሚይዝ ወደ መጨረሻው ላይ መራመድ የማይችለው እንዲቀር ተወሰነ፤ ከሐኪሞቹና ከረዳቶቻቸው ማን አብሮ ይቅር የሚለው በዕጣ ተለየ። መስመሩን ይዘው ሌላው እንዲሳፈር ያደረጉ፣ አብዛኞቹ ፈረንሳውያን የሆኑ፣ 40,000 ያህል ወታደሮች ተማረኩ።

ደንከርክ በወደቀ በስድስተኛው ቀን፣ ሰኔ 3፣ አገራችንን ይዛ የነበረችው ጣሊያን ጦርነት አወጀች፤ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከእንግሊዝ ተነሥተው ወደ ሱዳን ያመሩት በዚያው ወር ነው። ሐምሌ ማለቂያ ላይ ከኢትዮጵያ የተነሣው የጣሊያን ጦር የእንግሊዝ ሶማሌላንድን ወረረ፤ ከቱግ አርጋን ውጊያ በኋላ እንግሊዞች በበርበራ በኩል ወደ ኤደን ወጡ። እዚያ ባሕር ኃይሉ ውሃው ቢሞላም ቢጎድልም የሚያገለግል መሳፈሪያ አስቀድሞ አሠርቶ ነበር። ከሶማሌው የግመል ጦር አባላት ብዙዎቹ ግን አልተሳፈሩም፤ ጠመንጃቸውን ይዘው አገራቸው ላይ ቀሩ።