የዜናዋ ሴትዮ

ዛሬ ጠዋት ከማራኪ ወደ ፒያሳ ባጃጅ ያዝኩ። ከኋላ ሦስት ሆነን ተጣብቀናል። "ባንኩ ጋ ስትደርስ አውርደኝ" ከማለቴ ሾፌሩ በመስታወቱ ቀና ብሎ አየኝ። ሃያ ዓመት ቢሞላው ነው።

"ይሄ ድምፅ... እናቴ፣ ዜና ላይ አልነበሩም?"

አፌን ሳልከፍት አጠገቤ ዘንቢል ታቅፋ የተቀመጠችው ሴትዮ ቀደመችኝ።

"የምን ዜና? የአስተዳዳሪው ሚስት ናት እንጂ!"

"ኧረ የዜናዋ ናቸው።"

"ልንገርህ አይደል እንዴ! ሠርግ ላይ አይቻታለሁ። ከፊት ወንበር ነበር ያስቀመጧት።"

እኔ መሃል ተቀምጬ ሁለቱ ተከራከሩብኝ። "አንቺስ ምን ትያለሽ?" ያለኝ የለም። ስወርድ ሒሳብ ብዘረጋ ልጁ "ይተዉት እናቴ" አለኝ። ለየትኛዋ ሴትዮ ብሎ እንደተወው እንጃ።

ለዘጠኝ ዓመት የቴሌቪዥን ጋዜጠኛ ነበርኩ። መጀመሪያ አዲስ አበባ፣ በኋላ እዚሁ ተወልጄ ባደግኩበት ጎንደር። አንዳንድ ቀን ዜና አንብቤያለሁ፤ እንጀራዬ ግን ሪፖርተርነት ነው። ከካሜራማኔና ከሾፌሩ ጋር አቧራ ስንቅም እንውላለን። አበላችን ለምሳ ካለቀ ለራት ዳቦ በሙዝ። ማታ 2 ሰዓት ላይ የሠራነው ዜና ሲወጣ ያ ሁሉ ድካም ሁለት ደቂቃ ተኩል ነው። እኔ ግን ሥራውን የወደድኩት ለሁለት ደቂቃ ተኩሉ አይደለም። ማይክ ስይዝ ማንንም መጠየቅ እችል ስለነበር ነው። ሹሙንም፣ ነጋዴውንም፣ ቄሱንም። ማይክ የሌላት ሴት "ለምን?" ብትል ነገረኛ ትባላለች። ማይክ የያዘች ብትል ሥራዋ ነው።

ባለቤቴ የግብርና ባለሙያ ነው። አንድ ማታ ስልክ ተደወለለትና በረንዳ ወጥቶ ብዙ ቆየ። ሲመለስ ፊቱ የደስታም የድንጋጤም ነበር። ከጎንደር ወጣ ብሎ ያለ አንድ ወረዳ አስተዳዳሪ ሆኖ ተሹሟል። በማግስቱ ጎረቤቱ እልል አለ። "ሹመት ያዳብር!" የሚለው ስልክ አላባራ አለ። እኔም "አሜን" ስል ዋልኩ።

ሰኞ ሥራ ስገባ አለቃዬ በር ዘጋ። አለቃ በር ሲዘጋ ደግ ነገር አይደለም። ለስለስ አድርጎ "ከእንግዲህ የዚህን አካባቢ አስተዳደር የሚነካ ዜና አንቺ ባትሠሪ ይሻላል" አለኝ። ልክ ነው። እኔም በእሱ ቦታ ብሆን ይህንኑ ነበር የምለው። ግን አስቡት። መንገድ፣ ውሃ፣ ማዳበሪያ፣ ትምህርት ቤት... አስተዳደርን የማይነካ ምን ዜና አለ? ለአራት ወር ስለ አየር ጠባይና ስለ ኤግዚቢሽን ሠራሁ። አምስተኛው ወር ላይ መልቀቂያ አስገባሁ።

በዚያ ሰሞን እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ ስልኬ ላይ ስለ ማሪያ ሽራይቨር አነብ ነበር። የፕሬዚዳንት ኬኔዲ የእህት ልጅ ናት። ከዚያ በላይ ግን ለዓመታት በአሜሪካው ኤንቢሲ ቴሌቪዥን የታወቀች ጋዜጠኛ ነበረች። ባሏ አርኖልድ ሽዋርዘኔገር እ.ኤ.አ. በ2003 ለካሊፎርኒያ ገዥነት ሲወዳደር ከሥራዋ ፈቃድ ወጣች። ካሸነፈ በኋላ ተመለሰች። ብዙም አልቆየች፤ በ2004 መጀመሪያ ላይ ለቀቀች። ምክንያቱ የእኔው ምክንያት ነው፦ የገዥ ሚስት እንዴት የገዥን ጉዳይ ትዘግባለች?

ልዩነታችን አይጠፋኝም። የእሷ ባል ወደ 35 ሚሊዮን ሕዝብ ነበር የሚያስተዳድረው። የእኔው ወረዳ ክረምት ላይ ፒክአፑ ጭቃ ውስጥ ሲሰምጥ በበሬ ይጎተታል። ቢሆንም ስሙኝ፤ ሽዋርዘኔገር ቢሮው ሳክራሜንቶ፣ ቤቱ ሎስ አንጀለስ። እሷ ልጆቿን ይዛ ሎስ አንጀለስ ቀረች፤ እሱ በአውሮፕላን ይመላለሳል። እኔም ልጆቹን ይዤ ጎንደር ቀረሁ፤ የእኔው በዚያው ፒክአፕ ይመላለሳል። ገበታ ላይ ያለው ባዶ ወንበር ያው አንድ ነው።

በጣም የቀናሁባት አንድ ነገር ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2008ቱ የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ምርጫ ባሏ ማኬይንን ሲደግፍ እሷ በአደባባይ ወጥታ ተፎካካሪውን ኦባማን ደገፈች። አንድ ቤት እያደሩ! ይህን ሳነብ ሌሊት ብቻዬን ሳቅሁ። እኔ አንድ ለቅሶ ቤት "ዘንድሮ ማዳበሪያ ዘገየ አሉ" ብዬ ያመለጠኝ እንደሆነ ሰልስት ሳይደርስ "አስተዳዳሪው ራሱ ቤቱ አምርሯል" ሆኖ ይመለስልኛል። ከዚያ ወዲያ ለቅሶ ቤት ንፍሮ ብቻ ነው የምቅም።

ጎንደር ላይ ደግሞ የሹም ሚስትነት ትናንት የመጣ ነገር አይደለም። ከቤታችን ወጥቶ ቀና ላለ ሰው የቁስቋም ቤተ መንግሥት ፍርስራሽ ይታያል። እቴጌ ምንትዋብ ያሠሩት ነው። ባላቸው አፄ በካፋ እ.ኤ.አ. በ1730 ሲሞቱ ልጃቸው ኢያሱ ገና ሕፃን ነበር። እሳቸው ዘውድ ጭነው አብረው ገዙ። ሚስት ሆነው ገቡ፣ ገዥ ሆነው ቀሩ። ጋዜጠኛ ሳለሁ እዚያ ግቢ ቀረጻ ሠርቻለሁ። በኋላ ደግሞ ከእንግዶች ጋር "የአስተዳዳሪው ባለቤት" ተብዬ ሄድኩ። አስጎብኚው የሚለውን ሁሉ አውቀዋለሁ፤ አንድ ቦታ ሲሳሳት እንኳ ዝም አልኩ። ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ራሴን ታዘብኩት።

ትልቁ ነገር ግን የፓምፑ ነው።

ባለቤቴ ከመሾሙ አንድ ዓመት በፊት እዚያው ወረዳ አንድ ቀበሌ ሄጄ ስለ ተበላሸ የእጅ ፓምፕ ዜና ሠርቼ ነበር። ጉድጓዱ ውሃ አለው። ፓምፑ ነው ያቆመው። ሴቶቹ ቢጫ ጀሪካናቸውን አዝለው ወንዝ ይወርዳሉ። አንዲት እናት እጀታውን ወደ ታች ተጭነው፣ ለቀቅ አድርገው፣ ደግመው ተጭነው "ይኸው፣ ስማው" አሉኝ። ብረት ብቻ ነው የሚሰማው። ሲጢጥ፣ ሲጢጥ። ካሜራማኔ ያን ድምፅ በደንብ ቀዳው። ዜናው የተከፈተው በእሱ ነው፤ ያለ አንድ ቃል፣ ሲጢጥ ብቻ። ከዚያ ኃላፊውን ጠየቅኩ። "ጉዳዩ አቅጣጫ ተቀምጦለት በትኩረት እየተሠራ ነው" አለኝ። ይህን መልስ ያልቀዳ ጋዜጠኛ ካለ እጁን ያውጣ።

ከሹመቱ በኋላ እዚያው ቀበሌ የትምህርት ቤት ምርቃት ላይ ከባለቤቴ ጋር ሄድኩ። ድንኳን ተተክሏል። ነጭ የፕላስቲክ ወንበር ላይ ጨርቅ አልብሰው ከፊት አስቀመጡኝ። ለስላሳ ቀረበልኝ። እኚያ እናት ከሰው መሃል አዩኝና ጎንበስ ብለው መጡ። ጉንጬን ሳሙኝ።

"አንቺው ነሽ አይደል የጠየቅሽልን? ተመስገን ነው የኔ ልጅ። አሁንማ ባልሽ ነው። በቃ፣ ማታ ንገሪው።"

ፓምፑ ያው እንደቆመ ነበር።

ማታ ነገርኩት። ጫማውን እያወለቀ "በጀት ተይዟል" አለኝ።

"መቼ ነው የተያዘው? ስንት ነው? ማን ነው የሚገዛው?"

"በሂደት ላይ ነው።"

"በሂደት ላይ ማለት ምን ማለት ነው?"

ቀና ብሎ አየኝ። "ኧረ በሥላሴ! ቀኑን ሙሉ ስጠየቅ ዋልኩ። ቤቴ ደግሞ ኢንተርቪው?"

ልጆቹ ሳቁ። እኔም ሳቅሁ። የሚያስቅ ግን አልነበረም። ማይክ ይዤ ቢሆን ያን "በሂደት" ዝም ብዬ አላልፈውም ነበር። ሚስት ሆኜ ግን የሰውየውን የደከመ እግር አየሁ። እግሩ አብጧል። ውሃ አሙቄ አመጣሁለት። ጥያቄው እዚያው ሳፋ ውስጥ ቀረ።

ስለ እውነት ልጻፍ ካልኩ እሱም አልተኛም ነበር። እቃው ጨረታ ይፈልጋል፣ ጨረታው ኮሚቴ ይፈልጋል፣ ኮሚቴው ስብሰባ። ይህን ከውጭ ሆኜ አላውቀውም ነበር። በዜናዬ ላይ "የሚመለከተው አካል ቸልተኝነት" ብዬ በአንድ ዓረፍተ ነገር ዘግቼዋለሁ። ዛሬ ብሠራው እንደዚያ አልዘጋውም። ቀለል አድርጌም አላልፈው። አንድ ዓመት ከምናምን ቆይቶ ተጠገነ። የጎደለው ትንሽ ጎማ ነበር አሉ፤ መዳፍ ላይ የምታርፍ።

እነሆ ሌላው ጉድ ደግሞ ማመልከቻው። ጠዋት በር ሲንኳኳ ወረቀት ነው። ለዝውውር፣ ለመሬት፣ ለልጅ ሥራ። ድሮ ሰው ችግሩን የሚነግረኝ እንድዘግብለት ነበር። አሁን እንዳደርስለት ነው። "እታለም፣ አንቺ አንድ ቃል ብትይው ይበቃል።" አንዷ ሦስት ኪሎ ቅቤ ይዛ መጣች። ቅቤውን ይዛ ስትመለስ እንደሰደብኳት ነው ያየችኝ። እስከ ዛሬ ቤተ ክርስቲያን ስንገናኝ ሰላምታዋ በግማሽ ነው።

ሁለት ዓመት ተኩል ሲሆነው ባለቤቴ ከቦታው ተነሣ። ሲሾምም በስልክ፣ ሲነሣም በስልክ። በሳምንቱ በራችንን የሚያንኳኳ ጠፋ። አንድ ዘመዳችን ቡና ላይ "ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል" ብሎ ተረተብን። ባለቤቴ ከት ብሎ ሳቀ። የቀረን የቁጠባ ማኅበር ብድር ነው።

ማሪያ ሽራይቨር እ.ኤ.አ. በ2013 ወደ ኤንቢሲ ተመልሳለች። ባሏ ሥልጣን በለቀቀ ዓመት ተለያይተዋል፤ የእሱን ታሪክ ዓለም ስለሚያውቀው እኔ አልደግመውም። "አንቺስ ለምን አትመለሺም?" ይሉኛል። አንድ ሁለቴ ማመልከቻ ጽፌ አጥፍቻለሁ። ሹም ፊት ማይክ ብዘረጋ "የተሻረው ሰውዬ ሚስት ቂሟን ልትወጣ መጣች" ይላል። ባልጠይቀው ደግሞ ሕዝቡ "ድሮም የእነሱ ናት" ይላል። ሁለቱም ደግሞ ፍጹም ውሸት ነው ብዬ አልምልም።

እሷን እንዳስብ ያደረገኝ ሌላም ነገር አለ። አባቷ ሳርጀንት ሽራይቨር፣ ፈቃደኛ አሜሪካውያንን ወደ ሌላ አገር ለሥራ የሚልከው የሰላም ጓድ (ፒስ ኮር) የመጀመሪያው ዳይሬክተር ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1962 የመጀመሪያዎቹን መምህራን ወደ ኢትዮጵያ የላኩት እሳቸው ናቸው። አባቴ እዚሁ ጎንደር ተማሪ ሳለ እንግሊዝኛ ያስተማረው አንዱ ነው። እስከ ዛሬ "ፒስ ኮር" እያለ ነው የሚጠራው። "ፒስ ኮር ጥያቄ ስትጠይቀው አይቆጣም ነበር" ይለኛል። እኔንም እንደዚያ ነው ያሳደገኝ። በሌላ ቤት "ልጅ አይጠይቅም" ሲባል በእኛ ቤት የማይጠይቀውን ነበር የሚቆጡት።

ሳርጀንት ሽራይቨር አማቻቸው ገዥ በሆነበት በ2003 የመርሳት በሽታ እንዳለባቸው ታወቀ። ልጃቸው በ2009 የአሜሪካ ሴኔት ኮሚቴ ፊት ቀርባ ስለ በሽታው ተናግራለች። በመጨረሻ ማን መሆኗን አያውቁም ነበር።

የእኔም አባት ጀምሮታል። የመምህሩን ስም ያስታውሳል፤ ቁርስ መብላቱን አያስታውስም። አሁን ከእኛ ጋር ነው የሚኖረው።

ዛሬ ማታ 2 ሰዓት ሊሆን ሲል ሻይ ይዤለት ገባሁ። የባጃጁን ነገር ልነግረው ፈልጌ ነበር፤ እንዲስቅ። የዜናው ሙዚቃ ጀመረ። እጁን አነሣብኝ።

"ዝም በይ። ልጄ ልትመጣ ነው።"

አጠገቡ ተቀመጥኩ። ሻዩን በእጄ እንደያዝኩ ነው። ከዜና ወደ ዜና ሲያልፍ ወደ ስክሪኑ ጠጋ ይላል፤ ከዚያ መልሶ ደገፍ ይላል።

"ታውቂያታለሽ?" አለኝ።

"አውቃታለሁ አባዬ።"

"አትፈራም። ትጠይቃለች።"

ስፖርቱ አለቀ፤ የአየር ጠባዩም አለቀ። ጋቢውን ወደ ትከሻው ሳብ አደረገ።

"ዛሬም አልመጣችም" አለና ሻዩን ተቀበለኝ።