ከምሰሶ ጀርባ ቦክስ አይተላለፍም

ቦክስ በሬዲዮ ማስተላለፍ ስጀምር የተመከርኩት ሁሉ ስለ ድምፅና ስለ ቃላት ነበር። ስለ ወንበር የነገረኝ ሰው የለም።

ዝግጅቱ ብዙም አያስቸግርም። ጠዋት ኪሎ ሲመዘኑ ሄዳችሁ ስማቸውን ከራሳቸው አፍ ስሙ፤ ማን በቀይ፣ ማን በሰማያዊ እንደሚገባና ግራኙ የትኛው እንደሆነ ጻፉ። ለአንድ ፍልሚያ አንድ ገጽ ይበቃል።

ጣጣው ቦታው ላይ ነው። አዘጋጆች የፊቱን ጠረጴዛ ለክቡራን እንግዶች ይሰጡና ዘጋቢውን ከማዕዘኑ ምሰሶ ጀርባ ይወሽቁታል። ስትከራከሩ «ስክሪን አለላችሁ አይደል?» ትባላላችሁ። ዛሬም ያንገበግበኛል፤ ስክሪኑ የሚያሳየው ካሜራ ያነሳውን ብቻ ነው።

ከምሰሶ ጀርባ ሆናችሁ ተጋጣሚዎቹ ማዕዘኑ ውስጥ ሲገቡ የምታዩት ጀርባ ነው። ወደ ሆድ የተላከው ቡጢ አረፈ ወይስ ክርን ላይ ቀረ? አይታወቅም። ጆሮም ያታልላል፤ ጓንት ከጓንት ሲጋጭ የሚሰማው ጧታ አገጭ ላይ ካረፈው ይበልጣል። ተመልካቹ ጮኸ ብሎ «አረፈበት!» የሚል ኮሜንታተር ዳኞች ሌላ ሲወስኑ አድማጩን ያለ ምክንያት ያስቆጣል። በአማተር ቦክስ አምስቱ ዳኞች በተለያየ ጎን ስለሚቀመጡ 3 ለ 2 ሁሉ ሌብነት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1988 በሴኡል ኦሎምፒክ ፍጻሜ አሜሪካዊው ሮይ ጆንስ ጁኒየር በደቡብ ኮሪያዊው ፓርክ ሲ-ሁን 3 ለ 2 ሲሸነፍ ግን ያረፉት ቡጢዎች ቆጠራ 86 ለ 32 ለጆንስ ነበር። ይህንን የመቀመጫ ልዩነት አያስረዳውም።

«ለሪንጉ በቀረብክ ቁጥር ይሻላል» የሚሉትንም አልቀበልም። የሪንጉ ወለል ከመሬት አንድ ሜትር ያህል ከፍ ይላል፤ ከሥሩ ስትቀመጡ እግር በደንብ ታያላችሁ፣ እጁን ገመድ ይሸፍነዋል። ትንሽ ራቅ ብሎ ከፍ ያለ፣ ከጎኑ መሀል ፊት ለፊት የሆነ ቦታ ጠይቁ። ካልሰጧችሁ ቆማችሁ አስተላልፉ። ያላያችሁትን ቡጢ ደግሞ «ሰነዘረ» በሉት እንጂ «አረፈ» አትበሉ።

የጣቢያ ኃላፊዎች ነጥብ በአየር ላይ አትስጡ ይላሉ። እኔ ስጡ እላለሁ። እ.ኤ.አ. ከ2013 ወዲህ በአማተርም ዙሩን ያሸነፈ 10፣ የተሸነፈ 9 ወይም ከዚያ በታች ስለሚያገኝ አድማጩ በቀላሉ ይከተላችኋል። በዙሮች መካከል ያለችው አንድ ደቂቃ እንዲህ ትከፈል፦ መጀመሪያ ነጥባችሁና አንድ ምክንያት፣ ቀጥሎ አሠልጣኙ ለልጁ የሚለው፣ ደወሉ ሲቃረብ ማን ምን መቀየር እንዳለበት። ነጥባችሁን በእስክሪብቶ ጻፉት፤ በእርሳስ ከሆነ ውጤቱ ሲነገር እጃችሁ ላጲስ ይፈልጋል።