እራት ላይ ማንም መሞት የለበትም

ቼክ አገር ብርኖ ከተማ ፒያኖ እየቃኘ የሚኖር ሰው ከሙዚቃ ደራሲው ከያናቼክ አያመልጥም። ኦፔራ ቤቱ በስሙ ነው። የሙዚቃና የቴአትር አካዳሚውም በስሙ ነው። «ሣር የዋጠው መንገድ» የሚሉትን የአጫጭር ፒያኖ ሥራዎቹን ስብስብማ መድረክ ጀርባ ቆሜ ስንቴ እንደሰማሁት እንጃ። የማነሣው ግን አንዱን ምሽት ብቻ ነው፤ ትዝ ሲለኝ እስከ ዛሬ ያስቀኛል፣ ያናድደኛልም።

ምሽቱ የስፖንሰሮች እራት ነበር። ከፕራግ አንዲት አንጋፋ ፒያኒስት ተጋብዘዋል። የዚሁን ስብስብ የመጀመሪያ መድብል፣ አሥሩንም ቁራጭ ሊጫወቱ ነው፤ ግማሽ ሰዓት ገደማ ይወስዳል። እኔ ላይኛዎቹ ክሮች ላይ ነኝ። ላይኛውን ስትቃኝ ጆሮህ ሌላ ነገር አይችልም፤ ሙያተኛ ሁሉ ይህን ያውቃል። የዝግጅት ኃላፊው ግን ያችኑ ሰዓት መርጦ መጣ። ጎበዝ ልጅ ነው፣ ፈጣን ነው፣ ሁለት ስልክ ይይዛል።

«አሥሩም አጫጭር ናቸው አይደል?» አለኝ።

«አጫጭር ናቸው።»

«እንግዲያው ሦስቱ ቢቀሩ ማንም አያውቅም። ሾርባው ይቀዘቅዛል ብለው ወጥ ቤቶቹ እየጮሁብኝ ነው። የመጨረሻዎቹን ሦስት እናውጣ። አንተ ከእሷ ጋር ትግባባለህ፣ ንገራት።»

ቃኚ ሆነህ ስትኖር እንዲህ ነው። ደሞዝህ የቃኚ፣ ሥራህ የሽማግሌ።

«የመጨረሻዎቹን ሦስት ካወጣህ ልጅቷ አትሞትም» አልኩት።

«የቷ ልጅ?»

ቁልፌን አስቀመጥኩና ነገርኩት። ኦልጋ፣ የያናቼክ ልጅ። በ1902 (እዚህ ያለው ዓመት ሁሉ በፈረንጅ ነው) ሴንት ፒተርስበርግ አጎቷ ዘንድ ሄደች። እዚያ ታይፎይድ ያዛት። በፌብሩዋሪ 1903 እዚሁ ብርኖ ሞተች፤ 21 ዓመት እንኳ አልሞላትም። ስምንተኛው ቁራጭ ጭንቀቱ ነው፣ ዘጠነኛው «በለቅሶ» ይባላል፣ አሥረኛው «ጉጉቷ አልበረረችም!» ነው። የሞራቪያ (ብርኖ ያለችበት ክፍለ አገር) ሰው ጉጉት የታመመ ሰው ቤት መጥታ አልሄድም ካለች በሽተኛው አይተርፍም ይላል። የጉጉትን ሟርት እኛም አገር የማያውቅ የለምና ይህን ስነግረው ለራሴም ቀዝቀዝ አለኝ።

ልጁ በጥሞና አዳመጠኝ። ፊቱም አዘነ። ከዚያ እጁን አጨበጨበ።

«እኮ! እሱን ነው የምልህ! እራት ላይ ማንም መሞት የለበትም!»

ሳቄን መቆጣጠር አቃተኝ። እውነት ለመናገር ሰውየው ነጥብ አለው። በሾርባና በዳክዬ ጥብስ መሃል የሰው ልጅ ስትሞት ማየት የሚፈልግ ስፖንሰር እኔም አላውቅም።

እዚያ ላይ ቢያቆም ኖሮ ተሸንፌ ነበር። አላቆመም። ስልኩን አወጣ፣ ነካ ነካ አደረገና ወደ ፊቴ አስጠጋው።

«ይኸው፣ የጉጉቷ ቁራጭ በ1901 ለሃርሞኒየም ታትሟል ይላል። ልጅቷ የሞተችው በ1903 ነው አልከኝ። ስለዚህ ስለ እሷ አይደለም። ስለዚህ ይወጣል።»

መረጃው ልክ ነው። ከስብስቡ አምስቱ በ1901 እና በ1902 ለሃርሞኒየም፣ ለዚያ ትንሽ ኦርጋን መሰል መሣሪያ፣ ወጥተዋል፣ ጉጉቷም ከእነሱ ውስጥ ናት። ያናቼክ በ1890 ሕፃን ወንድ ልጁንም ቀብሯል፤ ሐዘን ከኦልጋ በፊትም ቤቱን ያውቀዋል። ግን መድብሉ በ1911 እዚሁ ብርኖ ሲታተም ቅደም ተከተሉን ያወጣው ራሱ ነው። ኦልጋ በሕይወት ሳለች የጻፋትን ጉጉት ወስዶ ከለቅሶው በኋላ፣ መጨረሻ ላይ አስቀመጣት። እኔን የሚገርመኝ ይሄ ነው። ቀኑ ቀድሞ መሆኑ ነገሩን ያከብደዋል እንጂ አያቀለውም። ይህን ሁሉ ልነግረው አፌን ስከፍት ሁለተኛው ስልክ ጮኸ። «ንገራት እሺ!» ብሎኝ ሄደ።

ፒያኒስቷ መልበሻ ክፍል ሻይ ይጠጣሉ። የተባልኩትን ሳልጨምር ሳልቀንስ ነገርኳቸው። ይቆጣሉ ብዬ ነበር። አልተቆጡም።

«ሰባት ይበቃል አለ?»

«ሰባት አለ።»

«ሰባት ብሎ ይጻፍልኝና ይፈርምበት።»

ልጁ ደስ ብሎት ሮጦ አተመው። «ከመድብሉ 7 ቁራጮች» ይላል፣ ፊርማ አለው፣ ማኅተም አለው። እግረ መንገዱን ለእንግዶቹ የሚታደለውን ፕሮግራምም አሳጠረው፤ ሰባተኛው ላይ «ደህና እደሩ!» በሚለው ቁራጭ ያልቃል። ለእራት ምሽት ከዚህ የተሻለ መዝጊያ አለ?

ልወጣ ስል ፒያኒስቷ ጠሩኝ።

«ላይኛዎቹን ክሮች ከሚመቱት መዶሻዎች ጥቂቱን ያለስልሱልኝ። ይጮሃሉ። ጉጉቷ መጮህ የለባትም፣ መጣራት ነው ያለባት።»

ጉጉቷ ወጥታለች እኮ። አየኋቸው፣ አዩኝ። ሻያቸውን ቀጠሉ።

ድምፁ እንዲለሰልስ የመዶሻውን ሱፍ በመርፌ መውጋት በሰዓታት የሚሠራ ሥራ ነው፤ ሰው ኮቱን ለአስተናጋጅ እያስረከበ እያለ አይነካም። አንድ ጊዜ አብዝተህ ከወጋህ ድምፁ ይሞታል፣ መመለሱም ቀላል አይደለም። ቢሆንም መርፌዬን ይዤ ገባሁ። ለልጁ ምንም አልተነፈስኩም። እሱ ንገራት አለኝ እንጂ ንገረኝ አላለም።

ፒያኒስቷ ተቀመጡና ከአራተኛው ጀመሩ። የመጀመሪያዎቹን ሦስት ነበር የቀነሱት! «ምሽቶቻችን» የለም፣ «ነፋስ የወሰደው ቅጠል» የለም፣ «ኑ ከእኛ ጋር!» የለም። በቀጥታ «የፍሪዴክ ማርያም» ወደሚባለው ቁራጭ ገቡ፣ እንደ ቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ከባድ ከባድ ኮርዶች። ልጁ አጠገቤ በሩ ላይ ቆሞ በጣቱ ይቆጥራል። አንድ። ሁለት። ለእሱ ሁሉም አንድ ነው።

ሰባተኛው ላይ ሲደርሱ እንግዶቹ ፕሮግራማቸውን አዩ። «ደህና እደሩ!» ይላል። የሚሰሙት ግን ጉጉቷን ነው። ክንፍ ሲራገብ፣ ከዚያ ያች አጭር፣ ወደ ታች የምትወድቅ ጥሪ። መሃል ላይ እንደ መዝሙር ያለ የተረጋጋ ዜማ ይገባል፣ ሰው ተስፋ ማድረግ ይጀምራል፣ ጉጉቷ ትመለሳለች። የወጋኋቸው መዶሻዎች፣ ራሴን ላመስግንና፣ ግሩም ነበሩ። ሾርባ የያዘ አስተናጋጅ በሩ ላይ ደርቆ ቀረ።

«ለምንድነው እንዲህ የጨለመው?» አለኝ ልጁ በጆሮዬ።

«ሌሊት ነዋ» አልኩት።

ጭብጨባው ሲያልቅ ከዋናው ጠረጴዛ አንድ ሽማግሌ ስፖንሰር ተነሡ። «በዕድሜዬ እንዲህ የሚያስፈራ ደህና እደሩ ሰምቼ አላውቅም» አሉ። ሰው ሳቀ። ከዚያ የብርኖ ሰው ናቸውና እየቆዩ ገባቸው። «ይቺ ጉጉቷ ናት እኮ! ማነው ይህን የመረጠው?»

ልጁ ወደ መድረክ ሄደ፣ ወረቀቱን በእጁ እንደያዘ። ፒያኒስቷ ጣታቸውን 7 የሚለው ቁጥር ላይ አሳርፈው ፈገግ አሉለት። እኔ ደግሞ ከመጋረጃው ጀርባ ሆኜ አሁን ይፈነዳል ስል እሱ ወደ ሽማግሌው ዞረ።

«እኛው ነን የመረጥነው፤ የዛሬው ምሽት ትንሽ ለየት እንዲል ብለን ነው» አለ።

ሽማግሌው እጁን ጨበጡት። ፎቶ ተነሡ። እኔ መርፌዎቼን እየሰበሰብኩ ነበር።

ለእኔ ግን አልተኛልኝም። በማግሥቱ ደውሎ ስለ ታማኝነት፣ ስለ ቡድን ሥራ፣ ስለ መረጃ ልውውጥ ረጅም ነገር ነገረኝ። የመርፌውን ሥራ በሒሳቡ ላይ ሳስገባም «ማን አዘዘህ?» ብሎ አስቀረው። ፎቶውን ግን አዳራሹ መግቢያ ላይ ሰቅሎታል፣ ከሽማግሌው ጋር፣ ጥርሱ በጥርሱ ሆኖ።

በሚቀጥለው ዓመት ያንኑ የእራት ፕሮግራም በድጋሚ አዘጋጁ። ፒያኒስቷም እሳቸው ናቸው፤ ሽማግሌው አጥብቀው ጠይቀው ነው አሉ። የሥራ ትእዛዙ በመልእክት መጣልኝ፦ «ፒያኖውን ቃኝ። ከአርቲስቷ ጋር አታውራ።»

የመጀመሪያውን ፈጸምኩ።