ግራንድማስተር ለመሆን ከማን ጋር መቀመጥ ያስፈልጋል?

የግራንድማስተሮችን፣ ማለትም የቼዝን ከፍተኛ ማዕረግ የያዙ ተጫዋቾችን ሕይወት የሚተርኩ ጽሑፎች አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምሩት ከልጅነት ተሰጥኦ ነው። ልጁ በአምስት ወይም በስድስት ዓመቱ ጨዋታውን ይማራል፣ ብዙም ሳይቆይ አባቱን ያሸንፋል፣ ከዚያ በኋላ ታሪኩ ከዋንጫ ወደ ዋንጫ ይሻገራል። እኔ ደብረ ማርቆስ ላይ ቅዳሜ ቅዳሜ ከተማሪዎች ጋር ቼዝ የምጫወት ሰው ስለሆንኩ፣ እነዚህን ታሪኮች ሳነብ ዓይኔ የሚያርፈው ሌላ ቦታ ላይ ነው፦ ልጁ ከማን ጋር ተጫወተ፣ ለመጫወትስ የት ድረስ ሄደ፣ የጉዞውን ወጪ ማን ቻለለት?

ይህን እንድጠይቅ የሚያደርገኝ የማዕረጉ ሕግ ነው። ዓለም አቀፉ የቼዝ ፌዴሬሽን፣ በአጭር ስሙ ፊዴ፣ ግራንድማስተር የሚለውን ማዕረግ በ1950 (ዓመታቱን ሁሉ የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) መስጠት ሲጀምር የተቀበሉት 27 ተጫዋቾች ብቻ ነበሩ። ዛሬ ማዕረጉን የሚፈልግ ሰው ሬቲንጉን (የተጫዋቹን ጥንካሬ የሚያሳየውን ነጥብ) 2500 ማድረስና ኖርም የሚባለውን መመዘኛ፣ ብዙውን ጊዜ ሦስት ጊዜ፣ ማሟላት አለበት። አንድ ኖርም የሚገኘው ዘጠኝ ያህል ጨዋታ ባለው ውድድር በ2600 ደረጃ ተጫውቶ ሲሆን፣ ከተጋጣሚዎቹ ቢያንስ አንድ ሦስተኛው ግራንድማስተሮች መሆን አለባቸው፤ በመደበኛው ሕግ ከሌሎች አገሮች የመጡ ተጫዋቾችም በመካከላቸው መኖር ይኖርባቸዋል። ስለዚህ አንድም ግራንድማስተር በሌለበት አገር የሚኖር ሰው፣ የቱንም ያህል ጎበዝ ቢሆን፣ አገሩ ተቀምጦ የሚያገኘው ነገር የለም። ወይ እሱ ይሄዳል፣ ወይ እነሱ ተከፍሏቸው ይመጣሉ።

የማግነስ ካርልሰንን መንገድ በዚህ ዓይን ማየት ይጠቅማል። ኖርዌያዊው ካርልሰን በ2004 ገና በ13 ዓመቱ ግራንድማስተር የሆነው ሦስቱን ኖርሞች በጥር ሆላንድ ውስጥ፣ በየካቲት ሞስኮ ላይ፣ በሚያዝያ ደግሞ ዱባይ ላይ አግኝቶ ነው። ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት ቤተሰቡ ልጆቹን ከትምህርት ቤት አስወጥቶ አውሮፓን በመኪና ሲያዞራቸው ከርሟል። በ2014 የደረሰበት 2882 ሬቲንግ ማንም ያልደረሰበት ከፍታ መሆኑን ሁሉም ያነሣል፤ ስለዚያ የጉዞ ዓመት የሚያወሩት ግን ጥቂቶች ናቸው።

ለእኛ ቀረብ ያለ ታሪክ ያለው ዛምቢያዊው አሞን ሲሙቶዌ ነው፤ ከግራንድማስተሮች ሁሉ የማንን የጨዋታ ዘመን ማጥናት እንደሚሻል ብጠየቅ፣ ሳላመነታ የእሱን እጠራለሁ። የመዳብ ማዕድን በሚወጣበት አካባቢ ባለችው በንዶላ ያደገው ሲሙቶዌ፣ በ2000 አርሜኒያ ውስጥ የርቫን ላይ በተካሄደው የዓለም ወጣቶች ሻምፒዮና ሁለተኛ ወጣ። በዚያ ዕድሜው የነበረ አውሮፓዊ ወይም ሩሲያዊ ወጣት ከዚያ ውጤት በኋላ ማዕረጉን ለመጨረስ አንድ ሁለት ዓመት ቢፈጅበት ነው። ሲሙቶዌ ግን ወደ አሜሪካ ሄዶ ዳላስ በሚገኘው የቴክሳስ ዩኒቨርሲቲ እየተማረ ተጫወተ፣ የመጨረሻውን ኖርም በ2007 ሆላንድ አርንሄም ከተማ ላይ አገኘ፣ ማዕረጉም በይፋ የጸደቀለት በ2009 ነው። ከሰሃራ በታች ካሉ አገሮች የመጀመሪያው ግራንድማስተር እሱ ነው። በየርቫኑ ውጤትና በማዕረጉ መካከል ያለፉት ዓመታት የችሎታ ማነስ ምልክት አይመስሉኝም።

ደቡብ አፍሪካዊው ኬኒ ሰለሞን የገባው በሌላ በር ነው። ኬፕታውን አጠገብ ባለችው ሚቸልስ ፕሌይን ያደገው ሰለሞን፣ በ2014 መጨረሻ ናሚቢያ ውስጥ ዊንድሁክ ላይ የአፍሪካ ሻምፒዮን ሲሆን ማዕረጉን ያገኘው ድሉን ተከትሎ ነው፤ የአህጉር ሻምፒዮናን የሚያሸንፍ ተጫዋች በቀጥታ ግራንድማስተር የሚሆንበት ሕግ አለና። ጃማይካ ተወልዶ ብሩክሊን ያደገው ሞሪስ አሽሊ ደግሞ በ1999 ማዕረጉን የያዘ የመጀመሪያው ጥቁር ተጫዋች ሲሆን ዕድሜው 33 ነበር። የአሥራ ሁለት ዓመት ግራንድማስተሮች ዜና ሲያስደነግጣቸው የማያቸው ተማሪዎቼ ይህን ቁጥር ቢያውቁት ደስ ይለኛል።

በአፍሪካ ከሁሉ ከፍ ያለው ግብፃዊው ባሴም አሚን ነው። በ2017 ከ2700 ሬቲንግ በላይ የደረሰ የመጀመሪያው አፍሪካዊ ሲሆን፣ ሙያው ሕክምና ነው። የተወለደበት ታንታ ከተማ የሚገኘው በአባይ ደለል ላይ ነው፤ ባሕር ዳር ላይ ከጣና ሲወጣ የምናየው ውኃ የሚያበቃው በእሱ ሰፈር በኩል መሆኑን ለልጆቹ ስነግራቸው፣ ከጨዋታዎቹ ይልቅ ይህ ያስደንቃቸዋል። ግብፅ ከእሱ በፊት አሕመድ አድሊን አፍርታ ነበር፤ አድሊ በ2007 የዓለም ወጣቶች ሻምፒዮን ሆኗል። አሚን ሲያድግ አጠገቡ የሚመዘንበት ሰው ነበረው ማለት ነው።

የዚህ ነገር ጉልህ ማሳያ ህንድ ናት። ቪስዋናታን አናንድ በ1988 የአገሩ የመጀመሪያ ግራንድማስተር ከመሆኑ በፊት ቼዝን ከእናቱ ተምሮ፣ ማድራስ በነበረው የሶቪየት የባህል ማዕከል ውስጥ ባለ ክለብ ይጫወት ነበር። ዛሬ ህንድ ከ80 በላይ ግራንድማስተሮች አሏት። ከእነዚህ አንዱ የሆነው ዶማራጁ ጉኬሽ በ2019 በ12 ዓመት ከ7 ወሩ ማዕረጉን ሲይዝ፣ የጆሮ፣ የአፍንጫና የጉሮሮ ሐኪም የሆነው አባቱ ሥራውን አቁሞ ከውድድር ወደ ውድድር ይዞት ይዞር ነበር፤ ቤቱን የያዘው የእናቱ ደመወዝ ነው። በታኅሣሥ 2024 ሲንጋፖር ላይ የዓለም ሻምፒዮን የነበረውን ቻይናዊ ዲንግ ሊረንን 7.5 ለ6.5 አሸንፎ በ18 ዓመቱ የዓለም ሻምፒዮን ሆኗል። የአናንድን ትውልድ ያደከመው ርቀት ለጉኬሽ ባይጠፋለትም እጅግ አጥሮለታል።

«ጋሼ፣ ከእኛ አገርስ መቼ ይወጣል?» የሚለው ጥያቄ በየጊዜው ይመጣብኛል። ኢትዮጵያ ለጨዋታው እንግዳ አይደለችም፤ አያቶቻችን ሰንጠረዥ የሚባለውን የአገራችንን ቼዝ ይጫወቱ እንደነበር፣ ጨዋታውም የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ሁለቱ ወገኖች ተራ ሳይጠብቁ በሚያንቀሳቅሱበት ወረራ ይጀመር እንደነበር በጽሑፍ ተቀምጧል። ዛሬም የአገሮች ቡድኖች በሚገናኙበት የቼዝ ኦሊምፒያድ እንሳተፋለን። ግራንድማስተር ግን እስካሁን የለንም፤ እኔም ዓመት ጠርቼ ልጆችን ማታለል አልፈልግም።

የምነግራቸው ስለ ቅርቡ ደረጃ ነው። የፊዴን ሬቲንግ ለመጀመሪያ ጊዜ ለማግኘት ሬቲንግ ካላቸው ተጫዋቾች ጋር አምስት ጨዋታ መጫወት ያስፈልጋል፤ ከ2024 ጀምሮ ዝቅተኛው መነሻ 1400 ነው። ለዚህ አንድ ተማሪ ከደብረ ማርቆስ ተነሥቶ፣ የአባይን በረሃ ወርዶና ወጥቶ 300 ኪሎ ሜትር ያህል እስከ አዲስ አበባ መጓዝና እዚያ ማደር ሊኖርበት ይችላል። ሬቲንግ ያላቸው ጥቂት ተጫዋቾችና አንድ ፈቃድ ያለው ዳኛ ወደ እኛ ቢመጡ ግን፣ ያው አምስት ጨዋታ በቅዳሜና እሑድ እዚሁ ያልቃል፤ ወጪውም ሃያ ልጆችን ከማጓጓዝ ያንሳል።