ልብሱን የሰፋው ማን ነው?

ስለ ሆሎኮስት፣ ማለትም በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ናዚዎች አይሁዳውያንን ስለጨፈጨፉበት ዘመን፣ የተጻፈ ልብ ወለድ ሳነብ ዓይኔ ቀድሞ የሚያርፈው ልብሱ ላይ ነው። ሙያዬ ስፌት ስለሆነ ይሆናል። ደራሲው «የሚያምር የድሮ ቀሚስ» ብሎ ሲያልፍ ቅር ይለኛል። ጨርቁ ምንድን ነው? በማን ልክ ተሰፋ? ዘምዛሚውስ ማን ነው?

ሲንቲያ ኦዚክ እ.ኤ.አ. በ1980 ባሳተመችው አጭር ልብ ወለድ ሮዛ የምትባል እናት በናዚ ካምፕ ውስጥ ሕፃን ልጇን በሻርፕ ጠቅልላ ትደብቃለች። ጡቷ ሲደርቅ ሕፃኗ የሻርፑን ጫፍ ትጠባለች። ልጇን ዓይኗ እያየ ሲገድሉባት ደግሞ ጩኸቷ እንዳይሰማ ያንኑ ሻርፕ አፏ ውስጥ ትጎሰጉሳለች። እዚህ ላይ ስደርስ መጽሐፉን አጥፌ ዝም ብዬ ተቀመጥኩ። እንዲህ አድርጎ ጨርቅን የጻፈ ሌላ ሰው አላውቅም።

በዋሽንግተኑ የሆሎኮስት ሙዚየም ያለው ትንሽ አረንጓዴ ሹራብ ግን ልብ ወለድ አይደለም። አያቷ ለክሪስቲና ኺገር የሠሩላት ነው። ቤተሰቧ ናዚዎች በያዟት በልቮቭ ከተማ (በዛሬዋ የዩክሬን ልቪቭ) የፍሳሽ መሿለኪያ ውስጥ 14 ወር ሲደበቅ እሱን ለብሳ ነበር። ሌኦፖልድ ሶሃ የሚባል ፖላንዳዊ የፍሳሽ ሠራተኛ ምግብ እያቀበላቸው ተረፉ። በእጅ የተሠራ ሹራብ ይሳባል፣ ከልጅ ጋር ትንሽ ያድጋል፤ አያትየው ይህን ያውቁ ነበር ብዬ አስባለሁ።

ሙዚቃው ላይ ብዙ ደራስያን ይቸኩላሉ። ቫዮሊን ሲነሳ ሁሉም ይጽናናል። አውሽቪትዝ የተባለው የናዚ የሞት ካምፕ ክፍል በሆነው በቢርከናው የነበረው የሴት እስረኞች ኦርኬስትራ (የሙዚቃ ጓድ) ግን ጠዋት ለጉልበት ሥራ የሚወጡትንና ማታ ደክመው የሚመለሱትን እስረኞች በማርሽ ያስኬድ ነበር። መሪዋ አልማ ሮዜ፣ የአቀናባሪው ማህለር የእህት ልጅ፣ ሴቶቹን ያለ ርኅራኄ ታለማምዳቸው ነበር፤ የሚያኖራቸው ሥራቸው ነበርና። እሷ ራሷ በኤፕሪል 1944 እዚያው ሞተች። ይህን የዘለለ ደራሲ ሙዚቃውንም ሴቶቹንም ያሳንሳል።

ስፌቱም እንዲሁ ነበር። የአውሽቪትዝ አዛዥ የሩዶልፍ ሆስ ሚስት ሄድቪግ በካምፑ ስፌት ቤት አስከፍታ፣ አብዛኞቹ አይሁዳውያን የሆኑ እስረኛ ሴቶች ለእሷና ካምፑን ይጠብቁ ለነበሩት የኤስኤስ (የናዚ ጦር) አባላት ሚስቶች ቀሚስ ይሰፉ ነበር። ኃላፊያቸው ማርታ ፉክስ ነበረች። እኔ ማንበብ የምፈልገው አንዲት ሰፊ ሜትሩን በዚያች ሴት ወገብ ላይ የምታዞርበትን ቅጽበት ነው፤ እጇ ምን ያህል እንደተጠጋ፣ መርፌውን አፏ ውስጥ ይዛ ምን እንዳሰበች። እንዲህ ብሎ የደፈረ ልብ ወለድ ካነበባችሁ ጻፉልኝ።